ይድረስ ለክቡር ውርጭ፣ ስሜን ተራራ

ለጤናዎ እንደምን ሰንብተዋል? እኛ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነን፤ ከጆሯችንና ከጣታችን በቀር።

ይህን የምጽፈው በቀን ነው። ሌሊት እስክሪብቶውም እምቢ ይላል። ደግሞ ቀን ቀን እርስዎን እንደ ልብ ማማት ይቻላል፤ ፀሐይ ስትወጣ የት እንደሚገቡ አይታወቅም። ሌላው አገር በጋና ክረምቱን በወራት ይከፋፍላል። እኛ ቀን ፊታችን በፀሐይ ይከስላል፣ ሌሊት የጀሪካኑ ውሃ ድንጋይ ይሆናል።

የሚያበግነኝ አመጣጥዎ ነው። ዝናብ እንኳ አስቀድሞ ደመና ይልካል። እርስዎ ግን ሰማዩ ጥርት ሲል፣ ቱሪስቱ ኮከብ እያየ «ሲያምር!» ሲል ከች ይላሉ። ደመና ከሌለ መሬቱ ቀን ያጠራቀመውን ሙቀት የሚይዝለት የለም። ቀዝቃዛው አየር ደግሞ ከባድ ነውና ቁልቁል ወርዶ ረባዳው ላይ ይተኛል። ረባዳ ማሳ ያለው ወዮለት! ተዳፋት ላይ ያረሰው ጎረቤቱ ሊያጽናናው ይመጣል። (እንዲህ ያለ ማጽናናት ለጠላትም አይስጥ።)

ገብስስ ምን በደለዎት? እዚህ ከፍታ ላይ ጤፍ አይበቅልም። ጠላው ከገብስ፣ በሶው ከገብስ፣ ቆሎው ከገብስ፣ እንጀራውም ከገብስ ነው። እርስዎ አበባውን ጠብቀው ይመጣሉ፤ ዛላው ቆሞ ይቀራል፣ ውስጡ ግን ባዶ። ግብር ሰብሳቢ እንኳ ደረሰኝ ይሰጣል። «በጥቅምት አንድ አጥንት» የተባለውም በእርስዎ ምክንያት ነው። በዛሬው የሥጋ ዋጋ የአጥንቱን ሂሳብ ማን ይክፈል?

ደግሞ ሁሉም የሚፈራዎት እንዳይመስልዎት። ቱሪስቱ ላባ በተሞላ የመኝታ ከረጢት ውስጥ ዚፑን እስከ አፍንጫው ዘግቶ ይንቀጠቀጣል። የፓርኩ የታጠቀ ጠባቂ፣ ስካውቱ፣ ውጭ ነው፤ አንድ ጋቢ፣ አንድ ጠመንጃ፣ ኮንጎ ጫማ። ጠዋት «ዛሬስ ለዘብ ብሎ ነበር» ይላል፤ ጥርሱ እየተንገጫገጨም ቢሆን።

እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር በ1978 ዩኔስኮ የስሜን ተራሮች ብሔራዊ ፓርክን በዓለም ቅርስነት ሲመዘግብ ዋልያ ተቆጥሯል፣ ቀይ ቀበሮ ተቆጥሯል። የእርስዎን ፈቃድ ግን ያየ የለም።

ስለዚህ በአክብሮት የምንጠይቀው ይህን ነው። ራስ ዳሽን ከ4,500 ሜትር በላይ ነው፤ ጫፉ ላይ የሚታረስ የለም፣ ቦታው ሰፊ ነው፣ እዚያ ይስፈሩ። መውረድ ግድ ከሆነብዎት ገብሱ ከታጨደ በኋላ ይምጡ። ያኔ ጠላም አይጠፋም።

ከአክብሮት ጋር፣
ረባዳ ማሳ ያለን

ግልባጭ፦
ለደመና፣ የመስከረምና የጥቅምት የሌሊት ተረኛ ሆኖ እንዲመደብልን