«ቀርጸን አስቀምጠነዋል» አትበሉ

ወገኖቼ፣ የአባቶችን ጨዋታ በካሜራ ቀርጻችሁ «ባህሉ ተጠበቀ» ስትሉ ተሳስታችኋል። ተዋናይንም የበዓል ማድመቂያ አድርጋችሁ የምታዩ፣ ተዉ። ተዋናይ ምን እንደሚሸከም በፈረንሳይና በስፔን ድንበር ግራና ቀኝ የሚኖሩትን የባስኮችን ገጠር አይታችሁ ተማሩ።

ዙቤሮዋ በፈረንሳይ በኩል፣ በፒሬኔ ተራሮች ውስጥ ያለች፣ ከሰባቱ የባስክ አውራጃዎች በስፋት የመጨረሻዋ ናት። እዚያ በየዓመቱ፣ ሙቀቱ ሲመጣ፣ አንድ መንደር ተራ ደርሶት «ፓስቶራል» የሚባለውን የአደባባይ ቲያትር ያሳያል። የሚጫወተው የመንደሩ ሰው ራሱ ነው፤ ከብት አርቢውም፣ ተማሪውም። ልምምዱ ከወራት በፊት ይጀመራል። ስንኙ በዜማ ይባላል፤ ተዋናዩ እያዜመ መድረኩን ወዲያና ወዲህ ይመላለሳል። ደጎቹ ሰማያዊ፣ ክፉዎቹ ቀይ ይለብሳሉ። «ኤሬዠንት» የሚሉት መሪ እዚያው ሆኖ በባንዲራ ምልክት ይሰጣቸዋል።

የሚከብደው አፍ ነው። የዙቤሮዋ ባስክኛ «ሀ»ን አጥርቶ ያሰማል፤ የቃሉንም ጉልበት የሚያሳርፈው ከመጨረሻው የቃሉ ክፍል በፊት ባለው ላይ ነው። በፈረንሳይኛ ያደገ ወጣት «ሀ»ን ይውጠዋል፣ ጉልበቱንም ወደ ቃሉ መጨረሻ ይገፋዋል። እ.ኤ.አ. በ1968 መሠረቱ የተጣለውን የጋራ ባስክኛ ብቻ የተማረው ደግሞ ከንፈር አሹሎ የሚወጣውን የአካባቢውን አናባቢ ተራ «ኡ» ያደርገዋል። ይህን ወረቀት አያርመውም። የሚያርመው ጆሮው ያልተበላሸ አዛውንት ፊት ቆሞ ያንኑ ስንኝ ደጋግሞ ማለት ነው።

እግርም እንዲሁ። በቀዝቃዛዎቹ ወራት በሚወጣው «ማስካራዳ» በሚባለው የጭፈራ ትርኢት ወይን የሞላ ብርጭቆ መሬት ላይ ይቀመጣል። «ዛማልጻይን» የሚባለው ጨፋሪ ወገቡ ላይ ጨርቅ የለበሰ የፈረስ ቅርጽ ታጥቋል፤ ጨርቁ ብርጭቆውን ከዓይኑ ይጋርደዋል። በዙሪያው ይጨፍርና ድንገት አንድ እግሩን ብርጭቆው አፍ ላይ አሳርፎ ይቆማል፤ ወይኑን ሳያፈስ ይወርዳል። እግሩ ርቀቱን አስቀድሞ ካላጠና ብርጭቆው ይደፋል። ሙዚቀኛውም አንድ ሰው ነው፦ በግራ እጁ ሦስት ቀዳዳ ያላትን ዋሽንት «ሺሩላ»ን ይይዛል፣ በቀኙ «ቱንቱን» የሚባለውን ባለ ጅማት መሣሪያ በዱላ ይመታል። ይህን ከቪዲዮ አይታችሁ ሞክሩት እስቲ!

«ዘመናዊ እናድርገው» የምትሉም ስሙ። እነሱም ለውጠዋል። ጥንት በፓስቶራል የሚጫወቱት የቅዱሳንንና የነገሥታትን ታሪክ ነበር፤ እ.ኤ.አ. በ1953 ገጣሚው ኤቻሁን-ኢሩሪ የባስክን ሰው ራሱን ባለታሪክ አድርጎ አመጣ። ታሪኩ ተለወጠ እንጂ ዜማው፣ እርምጃው፣ ሰማያዊና ቀዩ ቀጠለ። እናንተ ግን «ረዘመ» ብላችሁ መጀመሪያ የምትቆርጡት ዜማውንና እርምጃውን ነው።

ወደ አዛውንት ቤት ካሜራ ብቻ ይዛችሁ አትሂዱ፤ ልጅም ይዛችሁ ሂዱ። ካሜራውን አጥፉና ልጁ ፊታቸው ቆሞ ስንኙን ይበል። ሲሳሳት ያቋርጡት፣ እንደገና ያስብሉት። እናንተም «ደከመው» ብላችሁ አታስቁሙት።