ሚሬይ ባሊን በትወናዋም ትነሳ
ስለ ፈረንሳዊቷ የፊልም ተዋናይ ሚሬይ ባሊን ያነበብኩት ጽሑፍ፣ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ ጀርመናዊ መኮንን መውደዷ ላይ ብቻ ቆመ፤ እኔን የሚያንገበግበኝ ግን ትወናዋ መረሳቱ ነው። እ.ኤ.አ. በ1937 ከተዋናዩ ዣን ጋባን ጋር የሠራችውን «ፔፔ ለ ሞኮ» የተባለ ፊልም እስቲ እዩት፦ መጨረሻ ላይ እሱ ከወደቡ አጥር ጀርባ ሆኖ ስሟን ይጣራል፣ የመርከቡ ጡሩምባ ድምፁን ይውጠዋል፣ እሷ ደግሞ መርከቡ ላይ ቆማ ጩኸቱ ሲበዛባት ጆሮዋን ትይዛለች። አንድም ቃል አልተናገረችም እኮ! አንጀት ይበላል።

በ1944 ከጀርመናዊው መኮንን ጋር ተያዘች፣ ታሰረች። ከእስር ወጥታ አንድ ፊልም ብቻ ሠራች፤ ከዚያ በኋላ በሽታና ድህነት ብቻ። በ1968 ሞተች። በፍቅሯ የፈለገ ይውቀሳት፣ ሥራዋን ግን አብራችሁ አትቅበሩባት። «ገል ዳሙር» የተባለውን ፊልሟንም ፈልጉት፣ እዚያ ደግሞ ፍጹም ሌላ ሴት ናት።