60 ሙዚቀኛ በአንድ ፍላሽ

እሰይ ወሎ! ኦርኬስትራችን ገባ። ሰሞኑን ከደሴ ፒያሳ እስከ ኮምቦልቻ መናኸሪያ በየግድግዳው የተለጠፈውን ያላየ የለም፦ «በሙሉ ኦርኬስትራ የታጀበ፣ ባህላዊና ዲጂታል የተዋሐዱበት ዘመናዊ አልበም»። ያላየ ቢኖር እንኳ ሰምቷል፤ በየሱቁ በር የተደረደረው ድምፅ ማጉያ መንገደኛ አያሳልፍም። ስለዚህ የምን ኦርኬስትራ እንደሆነ ለእናንተ ማስረዳት ለቀባሪው ማርዳት ነው። አንድ ኪቦርድ፣ አንድ ላፕቶፕ፣ መግቢያው ላይ አራት ባር ተጫውታ የምትሰወር አንዲት ማሲንቆ። ቀሪው ከላፕቶፑ የሚወጣ ቫዮሊን ነው፤ ከላይ ቫዮሊን፣ ከታች ቫዮሊን፣ ዘፋኙ ትንፋሽ ሊወስድ ዝም ሲልም ቫዮሊን።

እኔ ግን ላመሰግን ነው የተነሣሁት። አልጋ ወራሽ ተፈሪ መኮንን በ1924 እ.ኤ.አ. 40 አርመናውያን ልጆችን ከኢየሩሳሌም አስመጥተው፣ ኬቮርክ ናልባንዲያንን አስተማሪ አድርገው፣ መለከት አስይዘው ባንድ ለማቆም ስንት ደከሙ! ያኔ ፍላሽ ቢኖር 40ውም በአንድ ሰው ኪስ ይመጡ ነበር። ከዚያ ወዲህም የደከመው ብዙ ነው። በደርግ ዘመን ሰዓት እላፊው የማታውን ሥራ ሲያሳጣ፣ ትልልቆቹ ባንዶች ሲሳሱ፣ ኪቦርድና ድራም ማሽን ቦታቸውን ያዙ፤ ኪቦርድንና ኮምፒውተርን የሚያግባባው ሚዲም ያማሃ ዲኤክስ 7 የተባለው ኪቦርድም የወጡት በ1983 እ.ኤ.አ. ነበርና ጊዜው ገጠመ። የዚያ ዘመን ሰዎች ግን አላወቁበትም። ኪቦርዱን «ኪቦርድ» ይሉት ነበር። ኪቦርድን ኪቦርድ ማለት! እንዲህ ያለ የንግድ ድንቁርና ታይቶ አይታወቅም።

የትልቅ ሲምፎኒ ኦርኬስትራ ባለ አውታሮች ብቻ በተለመደው አደረጃጀት 16 አንደኛ ቫዮሊን፣ 14 ሁለተኛ ቫዮሊን፣ 12 ቪዮላ፣ 10 ቼሎና 8 ኮንትራባስ ናቸው። ድምሩ 60 ሰው። አቀናባሪያችን ምን ያህል መከራ እንደገላገለን የሚገባችሁ እነዚህ 60 ሰዎች በአካል ደሴ ቢመጡ ምን ይከተል እንደነበር ስታስቡት ነው። መንገዱ ከአዲስ አበባ 400 ኪሎ ሜትር ያህል ነው። ኮንትራባስ ቆሞ ሲታይ ከሰው ይበልጣል፤ አንድ ሲሆን አውቶቡስ ጣራ ላይ ከፍራሹ ጎን ይታሰራል፤ ስምንት ሲሆን ግን ረዳቱ «ይኼ ዕቃ ሳይሆን ሰው ነው» ብሎ የስምንት ሰው ይቆርጥባቸዋል። ጣርማ በር ላይ ጉም ይቀበላቸዋል፤ ሸዋ ሮቢት ሲወርዱ ሙቀት። ከብርድ ወደ ሙቀት፣ ከሙቀት ወደ ብርድ የተገላበጠ እንጨት ያብጣል፣ ይኮማተራል፤ ደሴ ሲደርሱ 60ውም ከቅኝት ወጥተዋል። መልሶ መቃኘቱ ብቻ ረፋዱን ይበላል።

ከዚያ እነሱም ይበላሉ። ወሎ ደግሞ ለእንግዳ አንድ ድስት ጥዶ አይቀመጥም፤ የሙስሊሙ ሥጋ ለብቻ፣ የክርስቲያኑ ለብቻ፣ ቀኑ ረቡዕ ወይ ዓርብ ከዋለ የጾመኛው ለብቻ። ሦስት ድስት ለ60 ሰው! ቡናው ይቀጥላል። በረካ ሳይጠጡ መነሣት ነውር ነውና፣ አቦሉ ከአንደኛ ቫዮሊኖች ተነሥቶ ኮንትራባሶቹ ጋ እስኪደርስ ጀበናው አምስት ጊዜ ይጣዳል፤ ቶናው ሲቀዳ መሽቷል፤ ስቱዲዮ የገባ ሰው የለም። በማግስቱ ከሁለተኛ ቫዮሊኖች ሦስቱ ሐይቅ ዓሣ ሊበሉ ወርደው ይቀራሉ። አንዱ ባለ ቼሎ ሰኞን ጠብቆ ባቲ ገበያ የግመል ዋጋ ሊጠይቅ ይሄዳል፤ ዋጋውም ይስማማዋል። በሦስተኛው ሳምንት አንዲት ባለ ቪዮላ ለወሎ ልጅ ትዳራለች። ሠርጉ ሙዚቃ ይፈልጋል፤ ሙዚቀኞቹ ሁሉ ሚዜና አጃቢ ስለሆኑ የሚጫወት ይታጣል። ስለዚህ ኪቦርዲስት ይጠራል።

አያችሁ? መጨረሻው ኪቦርድ ከሆነ ከመጀመሪያው ምን አደከማቸው?

የላፕቶፑ 60 ሙዚቀኞች አበል አይጠይቁም፣ የጦሳ ተራራን ብርድ አይፈሩም፣ አይጾሙም አይገድፉም። መብራት ሲጠፋ 60ውም ባንድ ጊዜ፣ ያለ ለቅሶና ያለ ድንኳን ይሞታሉ። መብራት ሲመጣ ይነሣሉ፤ ሴቭ ተደርገው ከነበረ።

በእርግጥ 60 ሙሉ አይደሉም። ክራክ፣ ማለትም ሳይከፈልባቸው ቁልፋቸው የተሰበረ፣ ናቸው፤ ከቴሌግራም ሲወርዱ የቪዮላው ፎልደር አልመጣም። አቀናባሪው አልፈለገውም፣ ዘፋኙ አልጠየቀም፣ ፕሮዲዩሰሩ ቪዮላን እስከ ዛሬ የሴት ስም ይመስለዋል። 12 ሰው ጠፍቶ አፈላላጊ ያጣበት አገር! ሦስተኛው ዘፈን መሐል ድንገት «ሽሽሽ» የምትለዋን ድምፅ ደግሞ የአዝዋ ገደል ነፋስ ናት ብሎ ያደነቀ አድማጭ አለ። ነፋስ አይደለችም፤ ገንዘብ ያልተከፈለበት ፕለጊን፣ ላፕቶፑ ላይ የሚሰካ የድምፅ ፕሮግራም፣ ነው። አንዳንዱ ፕለጊን እስኪከፈልበት ድረስ በየተወሰነ ጊዜ እንዲያንሾካሹክ ሆኖ ይሠራል። እሷም አልበሙ ውስጥ ገብታ ታትማለች።

ስለ አጨዋወታቸውም ይነገር። ሚዲ የአንድን ድምፅ ጉልበት ከ1 እስከ 127 ይለካል። ሰው ሲጫወት ቁጥሩ ይወጣል፣ ይወርዳል። የእኛዎቹ ሁሉም 100 ላይ ናቸው፤ በእንጉርጉሮውም 100፣ በጭፈራውም 100። ባለ አውታሮቹ ቀስ ብለው እንዲያብጡና እንዲከስሙ የሚያደርጋቸው ሞድ ዊል የሚሉት መዘውር ኪቦርዱ ግራ ላይ ተቀምጧል፤ እሱን ለማንቀሳቀስ ግራ እጅ ያስፈልጋል፤ ግራ እጅ ስልክ ይዟል። አንድ ድምፅ ስምንት ጊዜ ሲደጋገም ያው አንዱ ሳምፕል፣ ማለትም ቀድሞ የተቀዳው ድምፅ፣ ስምንት ጊዜ ይመታል። ሳምፕሎቹን የሚያፈራርቅ ማብሪያ አለ፤ አልተነካም። ቫዮሊን ወርዶ ወርዶ ሶል ላይ ይቆማል፤ ከዚያ በታች አውታር የለውም። ኪቦርዱ ግን ከልካይ ስላልሆነ የእኛ ቫዮሊን ሶልን አልፎ ምድር ቤት ገብቶ ዶ ይላል። ዲጂታሉ ዋሽንት 50 ሰከንድ ሳይተነፍስ ይነፋል፤ አራት ቀዳዳ ሸምበቆውን ይዞ ኖሮ የሚያውቀው እረኛ ቢሰማው ሐኪም ይጠራ ነበር።

የቫዮሊን ሳምፕል ደጋኑ አውታሩን እስኪነክስ ትንሽ ይቆያል። ለዚህ ትራኩን አብዛኛውን ጊዜ ከ50 እስከ 100 ሚሊ ሰከንድ ማስቀደም ነው፤ ካልተደረገ ከበሮው ደርሶ ይጠብቃል፣ ቫዮሊኑ ሲያለከልክ ይመጣል። የእኛ አቀናባሪ የተሻለ ዘዴ አለው፤ ጥፋተኛው ከበሮው ነው ብሎ ምትን ሁሉ እኩል መስመር ላይ በሚያስቀምጠው ኳንታይዝ 100 ከመቶ ቸነከረው። ትከሻ የሚያስነሣው ያ በምቶች መሐል ያለው ትንሽ መዘግየት ነበር። አሁን ትከሻ ይቅርና ቅንድብም አይነሣም።

ወደ ቅኝት ስንመጣ ነገሩ ይብሳል፤ ይቅርታ፣ ይደምቃል። ከአራቱ ቅኝቶች ባቲና አምባሰል የሚጠሩት በዚሁ በእኛ አገር ስም ነው። አምባሰል ከዶ ሲነሣ ዶ፣ ሬ ፍላት፣ ፋ፣ ሶል፣ ላ ፍላት ነው፤ ፍላት ማለት በግማሽ ድምፅ የወረደ ነው። ሚ የለበትም። አቀናባሪያችን ከሥሩ ዶ ሜጀርን፣ ማለትም ዶ፣ ሚና ሶልን፣ ያነጥፋል፤ 30 ቫዮሊን ባንድ አፍ ሚ ይላል፤ ዘፋኟ ፋ ላይ ስትደርስ በግማሽ ድምፅ ይፋጫሉ። ይህ «ሞደርን» ይባላል። አንቺ ሆዬ ደግሞ ዶ፣ ሬ ፍላት፣ ፋ፣ ሶል ፍላት፣ ላ ነውና ሶል ራሱ የለም። ጣቱ የለመደው የዶ ኮርድ ግን ሶልን ይዞ ከተፍ ይላል፤ ቅኝቱ ይፈርሳል፤ ከፈረሰም በኋላ «ከቅኝት ወጣሽ» የምትባለው ዘፋኟ ናት። ከሥር ዶንና ፋን ብቻ ይዞ መቆየት፣ ወይም ዜማውን ራሱን በኦክታቭ አውርዶ ማጀብ ይበቃ ነበር። ግን 60 ሰው ሥራ ሊፈታ ነው። ሙላቱ አስታጥቄ ከ1960ዎቹ እ.ኤ.አ. ጀምረው የቅኝቱን አምስት ድምፅ ከፈረንጁ አሥራ ሁለት ጋር ለማስማማት ዕድሜያቸውን ሰጡ፤ የእኛ ሰው በአንድ ከሰዓት ጨርሶ ፖስተር አሳተመ።

ኪቦርድ ግማሽ ድምፅን ሁሉ እኩል 100 ሴንት አድርጎ ይቆርጣል፤ ሴንት የድምፅ ከፍታ መለኪያ ነው። ማሲንቆ እንዲህ ያለ ክፍፍል የላትም፤ ጣት ጭራውን ከጎን ይነካዋል እንጂ እንጨት ላይ አይጫነውም፤ ስለዚህ ባለ ማሲንቆው ያችን ሬ ፍላት እንደ ግጥሙ ሐዘን ጥቂት ያወርዳታል፣ ጥቂት ያነሣታል። ብዙ ኪቦርድ ላይ ስኬል ቲዩን የሚባል ሜኑ አለ፤ 12ቱን ድምፆች እያንዳንዳቸውን በሴንት ዝቅ ከፍ ያደርጋል። ማሲንቆዋን ሰምቶ ኪቦርዱን ወደ እሷ ማምጣት ከአንድ አቦል ጊዜ አይበልጥም። የተደረገው ግን ማሲንቆዋን ድምፅን በግድ ወደ ኪቦርድ ቁልፎች በሚጎትተው ኦቶ ቲዩን ውስጥ መክተት ነው፤ ያውም 12ቱንም ድምፅ በሚቀበለው ክሮማቲክ ላይ ተከፍቶ። እየተንሸራተተ ይወጣ የነበረው ዜማ ደረጃ በደረጃ ተቆራረጠ።

አንዷን ብልሽት ለይቼ ላድንቃት። ማሲንቆዋ ደሴ ላይ በ48 ኪሎ ኸርዝ፣ ማለትም ድምፁ በሰከንድ 48 ሺህ ጊዜ እየተለካ፣ ተቀዳች፤ ድምፆቹ የሚቀላቀሉበት ሚክስ ሌላ ከተማ በ44.1 ተከፍቶ ይጠብቃታል። ፋይሉ ሳይቀየር እንዳለ ሲወረወር በ8 ከመቶ ያህል ይዘገያል፤ ድምፁም 147 ሴንት ያህል ይወርዳል፤ ከአንድ ግማሽ ድምፅ አልፎ ሁለት ሳይሞላ፣ ማለትም ከየትኛውም የኪቦርድ ቁልፍ ጋር የማይገጥምበት ቦታ ላይ ይወድቃል። መድኃኒቱ ፋይሉን ወደ 44.1 ኮንቨርት ማድረግ ነው፤ ደቂቃ አይፈጅም። ሚክስ አድራጊው ግን ስልክ አነሣና «ባለ ማሲንቆው ቅኝት አያውቅም እንዴ?» አለ። ወሬውም ከተማውን ዞረ።

እዚህ ላይ ሽሙጡ ይቅር። ያ ሰው ቅኝት ያውቃል። ክረምት ገብቶ የደሴ ጉም የማሲንቆውን ቆዳ ሲያላላበት በእሳት አሙቆ፣ የደጋኑን ጭራ ዕጣን አስነክሶ፣ በተባለው ሰዓት የመጣው እሱ ብቻ ነው። አንድ ጊዜ ተከፍሎት ተሸኘ። ድምፁ ተከትፎ ሉፕ ሆኖ ዛሬ በማያውቃቸው ሰዎች ዘፈን ላይ እየዞረ ነው። ሽፋኑ ላይ «ማሲንቆ፦ ባህላዊ» ተብሎ ተጽፏል። ባህላዊ የሚባል ሰው የለም! እናቱ ያወጣችለት ስም አለው። የቅጅና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 የከዋኝን መብት አውቆ ደንግጓል፤ እናንተ አልበሙን ያወጣችሁት ግን ውሉን በሻይ ብርጭቆ ላይ ጨርሳችሁ ሰውየውን ያለ ወረቀት ሰደዳችሁት። ይህ ስርቆት ነው።

ወደ ምስጋናዬ ልመለስ። ምቀኞች «ሌላ አሠራር አለ» ይላሉ። መጀመሪያ ሰዎቹን ቅዳ ይላሉ፤ ማሽኑ ኋላ ይምጣ። ማይኩን ከማሲንቆዋ ቆዳ 40 ሳንቲ ሜትር ያህል አርቀው፤ ከተጠጋ ፉጨትና ፍጨት ብቻ ትሰማለህ። ፍጥነት የሚጠብቅለት የክሊክ ምት ወደ ማይኩ እንዳያፈስ ጆሮ የሚዘጋ ሄድፎን ስጠው። ስትቀዳ ባፈሩን፣ ኮምፒውተሩ ድምፁን አጠራቅሞ የሚያቆይበትን ልክ፣ 128 ላይ አውርድ፤ 1024 ላይ ከተውከው 23 ሚሊ ሰከንድ ያህል በመግቢያው ብቻ ይባክናል፤ ተጫዋቹ ራሱን ዘግይቶ ይሰማና እሱም ይጎተታል። ከዚያ አራት እውነተኛ ቫዮሊን ጥራ፤ እያንዳንዳቸው ወንበር እየቀየሩ፣ ማይኩ እየራቀና እየቀረበ፣ ያንኑ ክፍል ሦስት ሦስት ጊዜ ይጫወቱት። 12 ቫዮሊን ሆነ። ሳምፕሉን ከሥራቸው ዝቅ አድርገህ አስገባው፤ ጆሮ ከላይ ያሉትን ሰዎች ካመነ ከታች ያለውን ማሽን አይመረምርም። ምቀኞቹ ያሉት ይሠራል፤ ችግሩ ፖስተሩ ላይ ነው። «አራት ቫዮሊን፣ አንድ ማሲንቆ፣ ከበሮና ኮምፒውተር» ብሎ የሚለጥፍ ፕሮዲዩሰር ከየት ይመጣል? ለጎረቤቱ ምን ብሎ ያወራል?

ደግሞ የሪቨርቡን፣ የማስተጋቢያውን፣ ጥበብ ሳላነሣ ባልፍ ውለታ ቢስ እሆናለሁ። 60ዎቹ ሁለት ሰከንድ ተኩል የሚያስተጋባ ሰፊ አዳራሽ ውስጥ ተቀምጠዋል። ማሲንቆዋ ግን ብርድ ልብስ ከተሰቀለባት ጠባብ ክፍል እንደተቀዳች፣ ደረቋን፣ አጠገባቸው ተለጠፈች። ሁሉንም ወደ አንድ ሪቨርብ ልኮ፣ ለቅርቡ ጥቂት፣ ለሩቁ ብዙ መስጠት ነበር ሥራው። ስላልተሠራ ኦርኬስትራው ውስጥ ሲጫወት ባለ ማሲንቆው ደጅ ቆሞ በር የሚያንኳኳ ይመስላል። ለሁለተኛው እትም የሚከፍትለት ሚክስ አድራጊ ከተገኘ ይገባል፤ ካልተገኘም አይከፋው፣ ፎቶው ሽፋኑ ላይ አለ።