ባል ያልሰማው፣ መንግሥት የሚያውቀው ደመወዝ

በብዙ የጃፓን ቤቶች የባልን ደመወዝ የምታስተዳድረው ሚስት ናት። ባል ወር በገባ ቁጥር ለምሳና ለቢራ የምትሰፍርለትን የኪስ ገንዘብ ተቀብሎ፣ አንዳንዴም «ትንሽ ጨምሪልኝ» ብሎ ተለማምጦ ወደ ሥራው ይሄዳል። የግምጃ ቤቱን ቁልፍ የያዘችው እመቤት ታዲያ በሱፐርማርኬት በሰዓት ተቀጥራ የምታገኛትን ጥቂት የን ከዚሁ ምስኪን የምትደብቅበት ጊዜ አለ።

ሰበቡ ሩቅ አይደለም። ሥራ መያዟን የሰማ ኩሩ ባል «ቤቴን ማስተዳደር አቃተኝ ማለት ነው?» ብሎ ያኮርፋል፤ አማትም የልጅ ልጃቸው ባሳለ ቁጥር ጥፋተኛዋን ለማወቅ ሐኪም አያስፈልጋቸውም። ከሁሉ የሚከፋው ግን ገቢው በታወቀ ማግስት የቤት ወጪ መሸፈኛ ሆኖ መቅረቱ ነው። ስለዚህ ሴትዮዋ ባል ባቡሩን ከተሳፈረ በኋላ ትወጣለች፤ ማታ ሲመለስ የአስቤዛው ቦርሳ ወጥ ቤት ተቀምጧል፣ ባሮ ሽንኩርቱ ከላይ፣ የሥራ ሽርጧ ከታች። ባሏ አስቤዛ ከፍቶ እንደማያይ ሙሉ እምነት አላት፤ እስካሁንም አላሳፈራትም።

ባልን ማታለል ቀላል ነው፤ መከራው ሕጉ ነው። እ.ኤ.አ. በ1961 የተጀመረው የትዳር ጓደኛ ቅናሽ የሚስቱ ገቢ ዝቅተኛ የሆነለትን ባል ግብር ያቀልለታል፤ የዓመት ገቢዋ ከ1.3 ሚሊዮን የን በታች የሆነ ሚስትም በአብዛኛው በባሏ የጤና መድን ጥላ ሥር መዋጮ ሳትከፍል ትኖራለች። ዓመቱ ሊያልቅ ሲል አለቃዋን «እባክዎ ሰዓቴን ይቀንሱልኝ» ብላ የምትለምን ሠራተኛ የበዛችው በዚህ ምክንያት ነው። ለግብር ቅናሹ የተወሰነውን የገቢ ገደብ አልፋ ባል ሳያውቅ ቅናሹን ከጠየቀ፣ ግብር መሥሪያ ቤቱ ለባል አሠሪ ይጽፋል፤ አባወራውም የሚስቱን ሥራ መያዝ የሚሰማው ከድርጅቱ ሒሳብ ክፍል ይሆናል።

«ታዲያ ለምን ትደክማለች? ከአስቤዛው ላይ እየቆነጠረች ብታጠራቅምስ?» የሚል አይጠፋም። እንዲህ ያለው የምስጢር ቁጠባ ሄሶኩሪ ይባላል፤ በሩዝ ዕቃ ውስጥም በመሳቢያ ሥርም ይደበቃል። ነገር ግን ባል ሲሞት ግብር ሰብሳቢው ምንጩን ይጠይቃል፤ ከባል ደመወዝ የተረፈ ከሆነ ያው የሟች ንብረት ነው ተብሎ ከውርሱ ጋር ይደመራል። በላቧ ያገኘችው ግን የራሷ ነው፤ የደመወዝ ወረቀቷን ማስረጃ አድርጋ ካቀረበች ማለት ነው። እሱን ደግሞ ባል እንዳያይባት በየወሩ ስትቀድ ኖራለች።