አታሟርት!

የምኖረው ጃፓን፣ ኮቤ ነው። ሰፈራችን እንደ እድር ያለ ማኅበር አለው። መዋጮ አለ፣ ስብሰባ የቀረ ይታማል፣ ሰብሳቢው ቆፍጣና ጡረተኛ ናቸው። እስከዚህ ድረስ ጎጃም፣ አገሬ ቢቸና ያለሁ ነው የሚመስለኝ።

ባለፈው የአደጋ ልምምድ ቀን ሽማግሌው የማኅበሩን ዕቃ ቤት ከፈቱት። መጋዝ፣ ገመድ፣ ባልዲ፣ ቃሬዛ፣ የመኪና ክሪክ። ክሪኩን ለእኔ ሰጥተው ወፍራም ግንድ አስነሱኝ። በ1987 ዓ.ም (በፈረንጆቹ 1995) ከተማዋን የመታው የመሬት መንቀጥቀጥ ከ6,400 በላይ ሰው ገድሏል። ከፍርስራሽ ሥር በሕይወት ከወጡት አብዛኞቹን ያወጣቸው የእሳት አደጋ ሠራተኛ አይደለም፤ ቤተሰብና ጎረቤት ነው። ግን ጣሪያ በባዶ እጅ አይነሳም። አጥኚዎች ይህን ቆጥረው ጻፉት። ክሪኩ የመጣው ከዚያ ነው።

እኔ ግን ክሪኩን እያሽከረከርኩ ሐሳቤ ቢቸና ሄደ።

በ2010 ለፋሲካ አገር ቤት ገብቼ ነበር። ሌሊት የጎረቤት ማድ ቤት ተቃጠለ። እሪታው ሲሰማ ያልወጣ ሰው የለም። በድንበር የተካሰሱት ሁለቱ ሳይቀሩ ጎን ለጎን ቆመው ጀሪካን ይቀባበላሉ። መድረስማ ማን ብሎን! መሰላል ግን አልተገኘም። አንዱ አናጢ ቤት አለ ተባለ፣ አናጢው ዘመድ ጥየቃ ሄዷል። ቤቱ ነደደ። ደግነቱ ሰው አልተጎዳም።

ሲነጋ የእድሩ ዳኛ ዘንድ ሄድኩ። ዕቃ ቤቱን አሳዩኝ፦ ድንኳን፣ አግዳሚ፣ ከቁመቴ በላይ የተደረደረ ሳህን፣ በሬ የሚውጥ ብረት ድስት፣ ግድግዳው ላይ ጡሩንባ። «ጋሼ፣ ሁለት መሰላልና ሃያ ባልዲ ብንጨምርበትስ?»

«ልጄ፣ አታሟርት!»

እስካሁን ያንገበግበኛል። ለቀብር ድንኳን ስንገዛ ማን አሟረተ ተባለ? ቀባሪ የቀረ ይቀጣል፣ ስም ይጠራል፣ ወጥ ሠሪው ሳይቀር ተራ አለው። ከዚህ የበለጠ ዕቅድ ምን አለ? የሚጀምረው ግን ሰውየው ከሞተ በኋላ ነው።

ሐምሌ 2016 ጎፋ ላይ መሬት ሲናድ ጎረቤት ሮጦ ደረሰ፣ በእጁ ሳይቀር ቆፈረ። እየቆፈረ ሳለ ናዳው ደገመ፣ የደረሰውንም ቀበረው። ከ200 በላይ ሰው አለቀ። ያን ሰሞን እንቅልፍ አልወሰደኝም። ዳገቱን ብቻ የሚያይ፣ «ሽሹ!» ብሎ ጡሩንባ የሚነፋ አንድ ሰው ቢመደብስ እላለሁ። እኛም ብንሆን የዓባይ በረሃ መንገድ በክረምት ምን እንደሚሆን እናውቃለን።

ባለፈው እሁድ ዳኛችን ዘንድ ደወልኩ። የመሰላሉን ነገር ላነሳ ስል ቀደሙኝ። «አዲስ ድንኳን ገዛን» አሉኝ ደስ ብሏቸው፣ «ጠብ አያደርግም!»