ብርዱ ገባኝ እንጂ

ባለፈው ክረምት እዚሁ ጎንደር አንድ አዝማሪ ቤት ተቀምጠናል። ማሲንቆው ሞቅ ብሏል። ጥግ ላይ ብቻውን ጠጅ የያዘ ጎልማሳ ነበር። ማታውን ሙሉ ትንፍሽ አላለም። ድንገት ብርሌውን አስቀመጠና «ተቀበል!» አለ።

«ሰባት ዓመት ሙሉ ደጅሽን ስጠና፣
ብርዱ ገባኝ እንጂ አልገባሽኝምና።»

አዝማሪው ተቀበለ። ቤቱ በሳቅ ተናጋ። ሰውየው ግን አልሳቀም። ጓደኛዬ ወደ ጆሮዬ ጠጋ ብሎ «ሚስቱ ናት» አለኝ። ሌላው «ኧረ ደጅ መጥናት ካለ የቢሮ ጉዳይ ነው፤ የቦታ ካርታ ከልክለውት ይሆናል» አለ። ሁለቱም ያስኬዳል። «ገባኝ» የምትለው ቃል ብርዱንም ሴትዮዋንም ተሸክማለች።

ይቺ «ተቀበል» ሁሌም ትገርመኛለች። አንዱ ሕመሙን በሁለት ስንኝ ያቀብላል። ሌላው የማያውቀውን ሕመም ያዜምለታል። እኛ ያልተነገረንን እየገመትን እናጨበጭባለን። «ማን ናት?» ብሎ የሚጠይቅ የለም፤ ነውር ነው። ሰውየው ግን ተሰምቷል።

የመድረክ ድራማዎቻችን ይህን ነውር የረሱ ይመስለኛል። ሁሉም አይደሉም፤ ግን ብዙ አይቻለሁ። ባል ሚስቱን ሲጠረጥር መብራቱ ፊቱ ላይ ይወድቃል። ከዚያ ከልጅነቱ ጀምሮ ሆዱን ይዘረግፍልናል። ሲጨርስ ስለ እሱ የማናውቀው አንድም ነገር አይቀርም። ከአዳራሹ ስንወጣም ስለ እሱ የምናወራው የለንም፤ ባጃጅ ፍለጋ እንበታተናለን።

ጸጋዬ ገብረ መድኅን ወደ አማርኛ የመለሰውን ሐምሌትን አስቡት። ሐምሌትም ብቻውን ሲሆን ብዙ ያወራል፤ ግን ባወራ ቁጥር ይበልጥ ይሰወርብናል። ንጉሡ የልጅነት ጓደኞቹን ልኮ ሆዱን ሊያስፈትሽ ይሞክራል። እሱ ዋሽንት ያነሳና አንዱን «እስቲ ንፋ» ይለዋል። ጓደኛው «አልችልበትም» ይላል። ይቺን እንጨት መንፋት ያልቻልክ እኔን እንዴት ልትጫወትብኝ አሰብክ? ነው መልሱ። እዚህ ያለን አዝማሪ ቢሰማው «ማሲንቆም እንደዚያው ነው» ይል ነበር።

አጼ ቴዎድሮስም አሉ። ፒያሳ ላይ ሐውልታቸው ቆሟል። በ1859 ዓ.ም. ይህችኑ ከተማ ያስዘረፉና አብያተ ክርስቲያናቷን ያቃጠሉም እሳቸው ናቸው። ግርማቸው ተክለ ሐዋርያትም ጸጋዬም ተውኔት ጽፈውላቸዋል። እኔን ግን አሁንም የሚይዘኝ ስሙ የማይታወቅ ሰው በ1860 ዓ.ም. ከመቅደላ በኋላ የገጠመው ነው።

«መቅደላ አፋፉ ላይ ጩኸት በረከተ፣
የሴቱን አናውቅም ወንድ አንድ ሰው ሞተ።»

ሁሉም ሰው የሚያደንቀው «ወንድ አንድ ሰው» የሚለውን ነው። እኔ «አናውቅም» የሚለው ላይ እቆማለሁ። ገጣሚው ሊያወድስ ብሎ ሳያስበው እውነቱን ተናገረ። የሴቶቹን ማንም አልጠየቀም።

እቴጌ ጥሩወርቅ እዚያው አምባ ላይ ነበሩ። አባታቸው ደጃዝማች ውቤ በባላቸው እጅ የተሸነፉና የታሰሩ ናቸው። ባላቸው ከሞቱ በኋላ ከልጃቸው ከአለማየሁ ጋር ከመቅደላ ወረዱ፤ ብዙም ሳይቆዩ መንገድ ላይ አረፉ። ያ ሰው ባላቸውም ነው፣ የአባታቸው አሳሪም ነው። የሽጉጡን ድምፅ ሲሰሙ ምን ተሰማቸው?

ይህን የሚጽፍ ጸሐፌ ተውኔት ቢመጣ አንድ ነገር እለምነዋለሁ። ረጅም ንግግር አይስጣቸው። መድረኩ ላይ ይቀመጡ። ሽጉጡ ይጩህ። ቀና ይበሉ። እኛ ደግሞ እንደዚያ ማታ፣ አንዳችን «አዘኑ»፣ ሌላችን «ተገላገሉ» እየተባባልን ወደ ቤታችን እንሂድ።