ስክሪፕቱ ከቀረጻው ሲቀድም

ብዙ ዘጋቢ ፊልም ካሜራው ሳይከፈት ያለቀለት ነው። ባለታሪኩ ማን እንደሆነ፣ ምን እንደሚገጥመው፣ መጨረሻው ምን እንደሚሆን ፕሮፖዛሉ ላይ ተጽፏል። ገንዘብ ሰጪውም የሚፈልገው ይህንኑ ነው። ከዚያ ቀረጻ የሚባለው፣ ለተጻፈው ማረጋገጫ የሚሆን ምስል መልቀም ይሆናል። ዘጋቢ ፊልምን የሚገድለው ይህ ነው ባይ ነኝ።

እ.ኤ.አ. በ2019 የወጣውን «ሃኒላንድ» እንውሰድ። ሰሜን መቄዶንያ ውስጥ፣ ሰው ጥሎት በሄደ መንደር ከአሮጊት እናቷ ጋር ስለምትኖር ንብ አናቢ ነው። መጀመሪያ የታሰበው ስለ አካባቢው ተፈጥሮ ጥበቃ አጭር ፊልም ነበር። ሠሪዎቹ ግን ሴትዮዋን አገኙና እዚያው ቀሩ። ሦስት ዓመት ቀረጹ፤ 400 ሰዓት ገደማ ምስል ሰበሰቡ። በመሀል አንድ ቤተሰብ ከብቱንና ልጆቹን ይዞ መጥቶ አጠገቧ ሰፈረ። እሷ ማር ስትቆርጥ ግማሹን ለንቦቹ ትተዋለች። ንብ ማነብ የጀመረው ጎረቤቷ ግን የአንድ ማር ነጋዴ ጉትጎታ ሲበዛበት ከሚገባው በላይ ቆረጠ። የእሱ ንቦችም ሄደው የእሷን ንቦች ፈጁ። ይህን የትኛው ፕሮፖዛል አስቀድሞ ሊጽፈው ይችል ነበር?

ይበልጥ የሚገርመኝ አርትዖቱ ነው። ባለታሪኮቹ የሚናገሩትን ቱርክኛ ሠሪዎቹ አይሰሙም። ስለዚህ መጀመሪያ ድምፁን ዘግተው በምስሉ ብቻ አቀናበሩት። ማን እንደተናደደ፣ ማን እንደፈራ ከፊትና ከእጅ እያነበቡ ማለት ነው።

ቃለ መጠይቅ ይህን አይሰጥም። ሰውን ወንበር ላይ አስቀምጠው ማይክ ሲሰኩበት የተለማመደውን ይናገራል። «እናትህ ሲያርፉ ምን ተሰማህ?» ሲባል «በጣም ከባድ ነበር» ይላል። አልዋሸም። ግን ካሜራው ቤቱ ቢውል ሌላ ነገር እናይ ነበር። የእናቱ መድኃኒት ሰዓት ሲደርስ ሞባይሉ አሁንም ይጮኻል። ድምፁን ያጠፋዋል እንጂ ማስታወሻውን አይሰርዘውም። ይህን ለማየት ቀኑን ሙሉ ምንም ሳይጠይቁ መቀመጥ ያስፈልጋል።

አደጋም አለው። ካሜራ ሲለመድ ይረሳል፤ የተረሳ ካሜራ ደግሞ የሰው ገመና ያያል። አሜሪካዊው ዘጋቢ ፊልም ሠሪ ፍሬድሪክ ዋይዝማን እ.ኤ.አ. በ1967 ባወጣው «ቲቲከት ፎሊስ» የአእምሮ ሕመም ያለባቸውን እስረኞች ቀርጾ ነበር። ፊልሙ በማሳቹሴትስ ፍርድ ቤት የታካሚዎቹን ገመና ደፍሯል ተብሎ እስከ እ.ኤ.አ. 1991 ለሕዝብ እንዳይታይ ታግዷል። እኔ እንደሚመስለኝ ፈቃድ አንዴ አስፈርመው የሚገላገሉት ነገር አይደለም። ሰውዬው ያለቀሰ ቀን ማታ እንደገና መጠየቅ አለበት።

ትልቁ ጥያቄ ግን የገንዘብ ነው። ወራት ሙሉ የሚጠብቀው ሠሪ ምን ይብላ? ትዕግሥት የሀብታም ሙያ ሆኖ እንዳይቀር፣ ገንዘብ ሰጪዎች የመጀመሪያውን ክፍያ ያለ ስክሪፕት ይስጡ። ከጥቂት ወራት በኋላ «ታሪኩ ምንድን ነው?» ብለው አይጠይቁ። የተቀረጸውን ቁጭ ብለው ይዩት፤ ይቀጥል አይቀጥል የሚለውን ያን ጊዜ ይወስኑ።